አንድ ሺህ ስምንት መቶ አርባ

አባንግ ሪፖርቷን ስትቀበል መጀመሪያ ዓይኗ ውስጥ የገባው ቀዩ ዜሮ ነው። ከዜሮው ሥር ዶክተር ወንዳፍራሽ በዚያ ሁሉም በሚያደንቅለት የእጅ ጽሑፉ፣ «ውጤቱ ከሚጠበቀው ጋር አይገናኝም። መመሪያውን ደግመሽ አንብቢ» ብሎ ጽፎላታል። ከሃያ ዜሮ! የጋምቤላ የመጋቢት ሙቀት አናቷን እየበላት፣ መብራት ሲጠፋ ጄኔሬተር እስኪነሳ እየጠበቀች፣ ሁለት ሳምንት ሙሉ አንድ በአንድ ለለቀመችው ቁጥር ዜሮ።

ከጎኗ የተቀመጠችው ፍቅርተ የራሷን ገልጣ አየች፤ አሥራ ስምንት። ኤልናታን አሥራ ስምንት። ኩዎልም አሥራ ስምንት። ክፍሉ ያለው አራት ተማሪ ነው፤ ከአራቱ ሦስቱ የጨረር ቆጣሪውን በዓይናቸው አላዩትም። ማጋነን አይደለም። ቆጣሪው የተቀመጠበትን ክፍል በር ቀለም ብትጠይቋቸው አያውቁም።

ነገሩ እንዲህ ነው። በአልዌሮ ሳይንስ ኮሌጅ የፊዚክስ ተማሪ ሁሉ «ውርስ» የሚለው ልማድ አለ። የኑክሌር ፊዚክስ ቤተ ሙከራ የሚወስድ ማንኛውም ተማሪ ከእሱ በፊት ካለፈው ባች አንድ ፋይል ይረከባል። ርክክቡ ባሮ ወንዝ ዳር ማንጎ ጥላ ሥር ነው፤ ዓሣ ይጠበሳል፣ ለስላሳ ይከፈታል፣ ተረካቢ ይመረቃል። ፋይሉ ውስጥ ሙከራው ተሠርቶ ያለቀ ነው። ኮባልት ስድሳ የምትባል፣ የሸሚዝ ቁልፍ የምታክል የጨረር ምንጭ ከጋይገር ቆጣሪው አራት ሳንቲ ሜትር ርቃ ስትቀመጥ፣ ቆጣሪው በደቂቃ 1840 ይቆጥራል። ለተረካቢው የሚቀረው ሽፋኑ ላይ ስሙን መቀየርና፣ ኮረጀ እንዳይባል፣ ቁጥሯን ትንሽ መነካካት ብቻ ነው። አንዱ 1838 ይላል፣ ሌላው 1843። ደፈር ያለው 1845።

አንጀት የሚያሳርረው እዚህ ላይ ነው። እነዚህ ሰዎች የሁለተኛ ዲግሪ ተማሪዎች ናቸው። ጠዋት ጠዋት ዶክተር ወንዳፍራሽ ጠመኔውን ይዞ የመፈራረስን ሕግ ሰሌዳ ላይ ሲያወርደው ለማየት ያምራል። የኮባልት ስድሳ አስኳሎች እየፈራረሱ በየአምስት ዓመት ከሦስት ወሩ በግማሽ እንደሚቀነሱ፣ ማንም ሊያፈጥነው ማንም ሊያዘገየው እንደማይችል ያስረዳል። በፈተና ይጠይቃል፤ ከመቶ መቶ ያመጣሉ። ከሰዓት በኋላ ደግሞ ያው ኮባልት አሥራ ስድስት ዓመት ሙሉ ቅንጣት ሳይቀንስ 1840 ቆጠረ ብለው ይፈርማሉ። ጠዋት ያወቁትን ከሰዓት እንዴት እንደሚረሱት እነሱ ያውቃሉ። ከእነዚያ ሁሉ ባቾች መሀል «እንዴ!» ብሎ የቆመ አንድ ሰው አልነበረም።

አባንግ የቆመችው ከነሱ ስለበለጠች አይደለም፤ ቆርኪ ነው ያቆማት። ወደዚህ ከመምጣቷ በፊት ፑኝዶ ከተማ ውስጥ ስድስት ዓመት ፊዚክስ አስተምራለች። ቤተ ሙከራ የሚባል ነገር አልነበራትም። ሁለት መቶ የለስላሳ ቆርኪ በፌስታል ይዛ ክፍል ትገባና ልጆቹ ወለል ላይ እንዲበትኑት ታደርጋለች። በጀርባው የወደቀው «ፈራረሰ» ተብሎ ይነሳል፤ የቀረው ይቆጠርና እንደገና ይበተናል። ሁለት መቶው መቶ ገደማ ይሆናል፣ መቶው ሃምሳ ገደማ። ገደማ ነው እንግዲህ። አንዴ ዘጠና ሦስት፣ አንዴ መቶ ስምንት እንጂ ድፍን መቶ ሆኖ የተገኘበት ቀን የለም።

ስለዚህ የውርሱን ፋይል ገልጣ 1838፣ 1843፣ 1841 የሚለውን ስታይ፣ ገና የኮባልቱን ዕድሜ ሳታስብ ሳቋ መጣ። እንዲህ ጨዋ ሆኖ የሚቆጠር አስኳል የለም። ሺህ ስምንት መቶ የሚያህል ቆጠራ በየጊዜው አርባም ሃምሳም ወደ ላይ ወደ ታች ካላለ፣ ጠረጴዛ ላይ ተቀምጦ የፈጠረው ሰው አለ ማለት ነው። ቀጥላ ዕድሜውን አሰበች፤ ሳቋ ጠፋ።

የቤተ ሙከራውን ቴክኒሺያን ጋትኬክን ቆጣሪውን አውጣልኝ አለችው። ጋትኬክ ሃያ ዓመት ያገለገለ፣ ረጅም፣ ቀስ ብሎ የሚራመድ ሰው ነው። ወንድ ይሁን ሴት፣ ተማሪ ይሁን ዶክተር፣ ለሁሉም «አንተ» ነው የሚለው፤ የተቀየመው ሰውም የለም።

«ቆጣሪው ሞቷል ይላሉ» አላት። «እኔ ግን ሲሞት አላየሁም። አንተ ና፣ እንየው።»

ፈቱት። ቱቦው ደህና ነው። የገመዱ ጫፍ ብቻ እርጥበት በልቶት አረንጓዴ ሆኗል። አባንግ ገመዱን ጠቅልላ በባጃጅ ገበያ ወረደች፤ ሞባይል ጠጋኙ ኦጁሉ ከአንድ ስልክ ወደ ሌላ ሲሸጋገር በመሀል ተቀብሏት፣ ጫፉን ቆርጦ በአሥር ደቂቃ በየደው። ይኸው ነው። ባች ከባች ዓሣ እየበላ ሲረካከበው የኖረው ውሸት መድኃኒቱ አሥር ደቂቃና አንዲት ጠብታ ቆርቆሮ ነበር።

ከዚያ ቆጠረች። 219፣ 240፣ 211፣ 233። ሃምሳ ጊዜ ቆጥራ አማካዩን ስትወስድ 226 መጣ። ሪፖርቷን ጻፈች፣ አስረከበች፣ ዜሮ ተሰጣት።

የዜሮው ትርጉም ደግሞ ቀላል አይደለም። ቤተ ሙከራውን የወደቀ ከፕሮግራሙ ይሰናበታል። አባንግን የላካት ክልሉ ነው፤ ስትጨርስ እዚሁ ቤተ ሙከራ ውስጥ መምህርት ሆና ልትቀጠር ቃል ተገብቶላታል። ከወደቀች ወደ ፑኝዶ መመለስ ነው፤ ሁለተኛ ዕድል የሚሰጥ የለም። ውጤት የሚጸድቀው ደግሞ በስምንት ቀን ውስጥ ነው።

ደሟ ፈልቶ የወንዳፍራሽ ቢሮ ገባች።

«ዶክተር፣ ዜሮው ለምንድን ነው?»

ወንዳፍራሽ ቀና አለ። የትምህርት ክፍሉ ኃላፊ ነው፤ አርባዎቹን የተሻገረ፣ ሸሚዙ በዚያ ሁሉ ሙቀት የማይጨማደድ ሰው። «ተቀመጪ አባንግ። መመሪያውን በደንብ አንብበሽዋል? ቋንቋው ከከበደሽ እኮ ኤልናታን ሊያስረዳሽ ይችላል። አማርኛ ላንቺ ሁለተኛ ቋንቋ ነው፤ አልፈርድብሽም።»

«መመሪያው በእንግሊዝኛ ነው የተጻፈው ዶክተር።»

ጉሮሮውን ጠረገ። «እሺ። ሁሉም ተማሪ ሺህ ስምንት መቶ አርባ አካባቢ ነው ያገኘው። አንቺ ብቻ ሁለት መቶ ሃያ ስድስት። ርቀቱን ስተሻል።»

«ርቀቱን ጋትኬክም ለክቶታል።»

«ቱቦው አርጅቷል ማለት ነዋ።»

«ያረጀው ኮባልቱ ነው» አለች አባንግ። «በየአምስት ዓመት ከሦስት ወሩ ግማሽ ይሆናል ብለው ያስተማሩን እርስዎ አይደሉም? ሺህ ስምንት መቶ አርባን ሦስት ጊዜ ለሁለት ይክፈሉት። እዚሁ ይክፈሉት፤ እጠብቃለሁ።»

ወንዳፍራሽ አልከፈለም። መክፈል አላስፈለገውም። አባንግ ፊቱን እያየችው ነበር፤ የገባው አሁን ሳይሆን ድሮውኑ እንደነበር ከዓይኑ አነበበች። ብዕሩን ጠረጴዛው ላይ አስተካክሎ አስቀመጠ።

«በሚቀጥለው ሐሙስ ከአዲስ አበባ ገምጋሚዎች ይመጣሉ» አለ ድምፁን ዝቅ አድርጎ። «የሁለተኛ ዲግሪ ፕሮግራሙ ቋሚ ፈቃድ የሚያገኘው እነሱ ሲያልፉት ነው። መደርደሪያው ላይ የአሥራ ስድስት ዓመት ሪፖርት አለ። ሁሉም አንድ ነገር እያለ ያንቺ ብቻ ሌላ ካለ፣ ማን ተሳሳተ የሚባል ይመስልሻል?»

«እነሱ ናቸዋ!»

«አንቺ ነሽ። ቁጥሩን አስተካክለሽ ሰኞ አምጪ፤ አሥራ ስምንት እሰጥሻለሁ። ካልሆነ ዜሮው ይጸናል። ደንቡን ታውቂዋለሽ።»

«የትኛውን ደንብ?» አለችው ቆማ። «ጠዋት የሚያስተምሩትን ነው ወይስ ይህን?» በሩን ስትዘጋው ኮሪደሩ ላይ የነበረች ጽዳት ሠራተኛ ደንግጣ ዞረች።

ጓደኞቿ ኒም ዛፉ ሥር ሻይ ይዘው ጠበቋት። ፍቅርተ እጇን ይዛ አስቀመጠቻት። ፍቅርተ አባቷ ነርስ ሆኖ ከደጋ መጥቶ እዚሁ ጋምቤላ የወለዳት ልጅ ናት፤ አባንግን እንደ እህቷ ነው የምትወዳት፤ ሆዷም ለሁሉም ሰው ይራራል።

«አባንግዬ፣ ምን ቸገረሽ?» አለቻት። «አንድ ቁጥር ናት። ጻፊላቸውና ተገላገይ። መምህርት ስትሆኚ ያኔ ታስተካክዪዋለሽ።»

«እሱም እንደዚህ ብሎ ነው የጀመረው» አለች አባንግ።

«ማን?»

«ማንም ይሁን። የሆነ ሰው አንድ ቀን ‹ለዛሬ ብቻ› ብሏል።»

ኤልናታን የሻይ ብርጭቆውን አስቀመጠ። «አንቺ እኮ የራስሽን ብቻ ነው የምታስቢው። ገምጋሚዎቹ ፕሮግራሙን ቢዘጉትስ? እኛስ?»

አባንግ ከዚህ በላይ መታገሥ አልቻለችም። «አንተ በፈተና የኮባልትን ጥያቄ ስንት አገኘህ? መቶ! በዚያው ሳምንት አይደለም እንዴ 1843 ብለህ የፈረምከው? ጭንቅላትህን ፈተና ክፍል ጥለህ ነው ላብራቶሪ የምትገባው? ይቅርታ፣ ረስቼው፤ ላብራቶሪ መች ገብተህ ታውቃለህ!»

ኩዎል ሳቁን መያዝ አቅቶት ሻዩ ትን አለው። ኤልናታን ግን ፊቱ ጠቁሮ ተነሥቶ ሄደ።

አባንግ እግሯ ወደ ጋትኬክ ወሰዳት። ምንጮቹ የሚቀመጡበትን ከባድ የብረት ሣጥን ከፍቶ እየወለወለ ነበር።

«አንተ ዛሬ ፊትህ ጥሩ አይደለም» አላት።

«ጋትኬክ፣ ይህን ቁጥር መጀመሪያ ያመጣው ማነው?»

ጋትኬክ የሣጥኑን ክዳን ገልብጦ አሳያት። በክዳኑ ውስጠኛ ገጽ ላይ በፕላስቲክ የተሸፈነ፣ ዳር ዳሩ የበለዘ ወረቀት ተለጥፏል። በሰማያዊ ብዕር የተሠራ ሠንጠረዥ ነው። ሦስት ዓምድ አለው፦ ዓመት፣ የሚጠበቅ፣ የተለካ። የመጀመሪያው ረድፍ «መጋቢት 2001፣ 1840፣ 1840» ይላል። ጎኑ ላይ በትንንሹ የአሥር ደቂቃ ቆጠራ በየደቂቃው ተዘርዝሯል፤ 1802፣ 1871፣ 1856፣ 1799 እያለ የሚወጣ የሚወርድ፣ የእውነት ቆጠራ። ከዚያ በታች «2002፣ 1613»፤ «2003፣ 1414» እያለ፣ ዓመት በዓመት እየቀነሰ፣ የመጨረሻው፣ የዘንድሮው ረድፍ «2017፣ 224» ላይ ይቆማል። «የተለካ» በሚለው ዓምድ ከመጀመሪያው በቀር አሥራ ስድስቱም ሳጥኖች ባዶ ናቸው።

አባንግ ጽሑፉን ለማወቅ ሁለቴ ማየት አላስፈለጋትም። ቦርሳዋ ውስጥ ያለው ቀይ ዜሮ ሥር የተጻፈው ያው እጅ ነው።

«ያኔ ረዳት ነበር» አለ ጋትኬክ። «ቀጭን ልጅ ነበር። ምሳ አይበላም፤ ይቆጥራል፣ ይቆጥራል። በዓመቱ ገመዱ ተበላሸ። ‹ለዚህ ዓመት በኔ ቁጥር ይሥሩ› አለ። መለዋወጫ በደብዳቤ ጠየቀ። አልመጣም። ከዚያ ለዶክትሬት ሄደ። ሲመለስ አለቃ ሆነ። ወረቀቱ ሁልጊዜ እዚህ ነው፤ ማንም አልጠየቀም።»

አባንግን ከሁሉ ያናደዳት ይህ ነው። የማያውቅ ሰው ቢሆን ይቅር ትለው ነበር። ይህ ሰው ግን አውቋል፣ አስልቷል፣ ገና ድሮ የሷን ቁጥር በራሱ ብዕር ጽፎ አስቀምጧል። እሷ ይህንኑ ስታመጣለት ነው ዜሮ የሰጣት።

ሰኞ ያንኑ ሪፖርት አንዲት ቁጥር ሳትነካ መልሳ ጠረጴዛው ላይ አስቀመጠች። ሽፋኑ ላይ «226 ትክክል ነው» ብላ ጨመረችበት። ወንዳፍራሽ ሽፋኑን አይቶ መሳቢያው ውስጥ ከተተው።

ረቡዕ ውጤት ተለጠፈ፤ አባንግ አሥራ ስምንት። ሰሌዳው ፊት ቆማ ደጋግማ አነበበችው። ልብ ገዝቷል ማለት ነው ብላ አሰበች። ሌሊቱን ሰላማዊ እንቅልፍ ተኛች፤ ምስኪን።

ሐሙስ ዕለት ቤተ ሙከራው ቀለም ተቀብቶ ገና ይሸታል። ቆጣሪው ተወልውሎ መሀል ጠረጴዛ ላይ ተቀምጧል፤ የብረት ሣጥኑ ከጎኑ። ጋትኬክ አዲስ ነጭ ጋዋን ተሰጥቶት እጅጌው አጥሮበታል። ገምጋሚዎቹ ሁለት ናቸው፤ የምትመራቸው ዶክተር ሊድያ የምትባል፣ መነጽሯን ግንባሯ ላይ የምትሰቅል ሴት ናት። አራቱ ተማሪዎች ግድግዳው ሥር ተሰለፉ። ሊድያ መደርደሪያው ዳር ካለው ጀመረችና አንድ ሪፖርት መዝዛ ገለጠች።

«አባንግ ማናት?»

«እኔ ነኝ።»

«በጣም ጥሩ ሥራ ነው። ንጹሕ። ሺህ ስምንት መቶ አርባ አንድ።»

አባንግ መጀመሪያ የሰማችውን አላመነችም። ጠጋ ብላ አየች። ሽፋኑ ላይ የሷ ስም አለ፤ ውስጡ የሷ አይደለም። አቀማመጡ፣ ግራፉ፣ ርዕሶቹ የተሰመሩበት አረንጓዴ መስመር፣ ሁሉም የፍቅርተ አሠራር ነው። ዞራ ፍቅርተን አየቻት። ፍቅርተ ዓይኗ እንባ ሞልቶ ወለል ወለሉን ታያለች።

«ዶክተር ጠይቀውኝ ነው» አለች ፍቅርተ በሹክሹክታ። «እንዳትወድቂ ብዬ። ላንቺ ብዬ ነው አባንግዬ።»

አሁን ዝም ማለት ይቻላል። አሥራ ስምንቱ ተለጥፏል፣ ሥራው ይጠብቃታል፣ ገምጋሚዋ አመስግናታለች። አፏን መያዝ ብቻ ነው የሚፈለግባት። ወንዳፍራሽም ከማዶ በዓይኑ የሚላት ይህንኑ ነው። ግን ዝም ካለች ከዛሬ ጀምሮ ያ ውሸት የሷ ነው፤ በስሟ መደርደሪያ ላይ ይቀመጣል፤ መምህርት ስትሆን ተማሪዎቿ ዓሣ እየበሉበት ይረከቡታል።

«ይህን እኔ አልጻፍኩትም» አለች።

ሊድያ መነጽሯን ወደ ዓይኗ አወረደች። ወንዳፍራሽ ፈገግ ብሎ ጣልቃ ገባ። «ደንግጣ ነው። አማርኛ ሁለተኛ ቋንቋዋ ስለሆነ፣ ጥያቄው በደንብ...»

«አማርኛዬን ተወውና ቆጣሪውን ክፈት!»

እርስዎ የለ፣ ዶክተር የለ። ድምፅዋ ከግድግዳ ግድግዳ ተላተመ። ቆጣሪውን የከፈተው ጋትኬክ ነው፤ ማንንም ፈቃድ ሳይጠይቅ ምንጩን በመቆንጠጫ አንሥቶ አራት ሳንቲ ሜትር ላይ አስቀመጠና ሰዓቱን ተጫነ። አንድ ደቂቃ ሙሉ ክፍሉ ውስጥ ከቆጣሪው ጠቅ ጠቅታ በቀር የሚሰማ ነገር አልነበረም። ኤልናታን አንገቱን አስግጎ ያይ ነበር፤ ሲቆጥር ሲያየው የመጀመሪያው ነው። ቆጣሪው ቆመ። 231።

«ምንጩ የተለካው መቼ ነው?» አለች ሊድያ።

አባንግ የሣጥኑን ክዳን ገለበጠችላት። ሊድያ ጎንበስ ብላ ረጅም ጊዜ አነበበች። ጣቷ በዓመታቱ ላይ ቀስ ብሎ ወርዶ 224 ላይ ቆመ፤ ወደ ቆጣሪው ዞራ 231ን አየች፤ ከዚያ ያንን ባዶ ዓምድ።

«የማን ጽሑፍ ነው?»

ጄኔሬተሩ ውጪ ያጉረመርማል። ወንዳፍራሽ ክራቫቱን ነካ፣ ተወው።

«የኔ ነው» አለ።

«ይህን የሠራው ልጅ ጎበዝ ነበር» አለች ሊድያ። ለሽሙጥ አልነበረም፤ ለዚህም ይመስላል ከስድብ ይልቅ የከፋው። ወንዳፍራሽ ስለ ገመዱ፣ ስለ መለዋወጫው፣ ስላልተመለሰው ደብዳቤ መናገር ጀመረ።

«ኦጁሉ በአሥር ደቂቃ ነው የበየደው» አለች አባንግ። «ገበያ ውስጥ። ስልክ ሲጠግን በመሀል።»

ገምጋሚዎቹ ፈቃዱን አልሰጡም፤ ፕሮግራሙንም አልዘጉም። አራቱም ተማሪዎች በገዛ እጃቸው ቆጥረው ሪፖርት እስኪጽፉ ድረስ ጉዳዩ ይቆያል አሉና፣ መደርደሪያው ላይ የነበረውን ሁሉ በካርቶን አሽገው ሄዱ። የመመረቂያው ቀን ተራዘመ። ኤልናታን አባንግን ማናገር ተወ። ፍቅርተ ታናግራታለች፤ ግን እንደ እንግዳ።

በማግስቱ ጠዋት አራቱም ቤተ ሙከራ ውስጥ ነበሩ። ፍቅርተ ምንጩን በመቆንጠጫ አንሥታ 217 ቆጠረች። ወንዳፍራሽ ገባ። ሸሚዙ ተጨማድዷል። የአባንግን እውነተኛ ሪፖርት ከመሳቢያው አውጥቶ ይዞታል፤ ሁሉም ፊት ዜሮውን በቀይ ሰርዞ ሃያ ጻፈና ዘረጋላት።

አባንግ ተቀበለች፤ አላመሰገነችም። ለምን ታመሰግናለች? የራሷን ነው የመለሰላት። የሣጥኑን ክዳን ከፈተች፣ ፕላስቲኩን ገለጠች፣ በ2017 ረድፍ «የተለካ» በሚለው ሥር 226 ብላ ጽፋ ፈረመችበት።

ወንዳፍራሽ ከትከሻዋ በላይ ወረቀቱን ሲያይ ቆየ። ገጹ ላይ ከላይ አንድ፣ ከታች አንድ ቁጥር አለ፤ በመሀላቸው አሥራ አምስት ባዶ ሳጥን። ዓመቶቹ አልፈዋል፤ በነዚያ ዓመታት የፈራረሰው ኮባልት ፈራርሷል፤ ማንም ተመልሶ አይቆጥረውም። ይህን ደግሞ ከሱ በላይ የሚያውቅ የለም።

ቀስ ብሎ ሰማያዊ ብዕሩን ከኪሱ አውጥቶ ከፈተ።

«የመሀሎቹን እኮ» አለ፣ «አስልተን ልንሞላቸው እንችላለን። የሚጠበቀው ስለሚታወቅ... ትንሽ ከፍ ዝቅ አድርገን፣ እንዳያስነቅፍ...»

ፍቅርተ ቀና አለች። ኤልናታን የያዘውን ማስመሪያ አስቀመጠ። ጋትኬክም መወልወሉን አቆመ።

አባንግ ብዕሩን ከእጁ ወሰደች። አልነጠቀችውም፤ ከልጅ እጅ ቢላ እንደሚወሰድ ቀስ አድርጋ ወሰደችውና የብዕሩን ክዳን ገጥማ ደረት ኪሱ ውስጥ መልሳ ከተተችለት።

«ባዶ ይቆዩ» አለችው።